ሳልወርድ ያለፍኩበት ዓመት

ባለፈው ክረምት መግቢያ ላይ እንጅባራ መናኸሪያ ዝናብ ያዘኝ። ከአንድ ሱቅ ጣሪያ ሥር ተጠግቼ ሳለሁ አንድ የጋሪ ፈረስ ጭነቱን እንደያዘ አጠገቤ ቆመ። ባለጋሪው ሸራውን ተከናንቦ ሻይ ቤት ገባ፤ ፈረሱን ግን ማን ያስገባዋል? ውሃው ከጋማው እየተንጠባጠበ ቆሞ ጠበቀ። ከዚያ ሽታው መጣ። እርጥብ የፈረስ ጠጉር፣ ላብ፣ የራሰ ቆዳ፣ ትንሽም ፋንድያ። ሰው ሁሉ አፍንጫውን ይዞ ፈቀቅ ሲል እኔ ጠጋ አልኩ። አንዲት ልጅ «እማማ፣ ይረግጥዎታል» አለችኝ። ፈረስ እኔን እንደማይረግጠኝ ለእሷ ማስረዳት ረጅም ነገር ስለሆነ ተውኩት። ለእናንተ ግን ጊዜ አለኝ።

ነገሩ የጃንሆይ ዘመን ነው፤ እኔ ሰባት ወይ ስምንት ዓመት ቢሆነኝ ነው። ቤታችን ከዘንገና ሐይቅ ወደ እንጅባራ በሚወስደው መንገድ ዳር፣ በቀርቀሃ በታጠረ ግቢ ውስጥ ነበር። ድክ ድክ ማለት ስጀምር ትኩሳት ያዘኝ አሉ፤ ትኩሳቱ ሲለቀኝ እግሮቼን ይዞ ሄደ። ጠበል ተወሰድኩ፣ ቅቤ ታሸሁ፣ ስለት ተሳለልኝ፤ እግሮቼ ግን ማንም ምንም ቢላቸው አልሰማ አሉ። ግራው ጭራሹን ተንጠልጥሎ ቀረ። ቀኙ ሲፈልግ ትንሽ ይታዘዘኝ ነበር።

እናቴ በጀርባዋ አዝላ አሳደገችኝ። ውሃ ስትቀዳ እንስራው በጎኗ፣ እኔ በጀርባዋ ነበርን። እንግዳ ሲመጣ ግን ጓዳ ታስገባኝና መጋረጃውን ትመልሰዋለች። እኔ በዚህ ቅር ብሎኝ አያውቅም። ጓዳ የሚቀመጠው ምን እንደሆነ አውቃለሁ፤ የማሩ ገንቦ እዚያ ነው፣ ቅቤው እዚያ ነው፣ ለዘር የተመረጠው ገብስ እዚያ ነው። ታላቅ ወንድሜ ደጅ ሲቀር እኔ ከማሩ ጋር የምቀመጠው ውድ ስለሆንኩ ነው ብዬ አምን ነበር። አንድ ቀን ወንድሜ ሲቆነጥጠኝ «አንተ እኮ እንግዳ ሲመጣ እንኳ የማትደበቅ ነህ» ብዬ ሰደብኩት። እናቴ ሰማችኝና ሳቀች፤ ከዚያ የነጠላዋን ጫፍ ወደ ዓይኗ ወሰደች። ጭሱ መስሎኝ ነበር።

በዚያ ዓመት እናቴ ነፍሰ ጡር ሆነች። እኔም ከብጄ ነበር፤ ስታዝለኝ ወገቧን ይዛ ትቆማለች። ይህን አይተው ነው የእናቴ አባት አባባ ፈንታ ነገራችን ውስጥ የገቡት። ጎረቤታችን ነበሩ፤ ሚስታቸው ሞታ ከባዝራቸው ጋር ብቻቸውን ይኖሩ ነበር። አባባ በዓለም ላይ የሚወዱት ሁለት ነገር ነው፤ ፈረስና ክርክር። በጉብዝናቸው ጊዜ በጥር ጊዮርጊስ ጉግስ ሲጫወቱ አገር ያውቃቸዋል። እሳቸው ሲያረጁ ፈረሳቸው ሞተ፤ የቀረችው ዳሚት የምትባል ዳማ ባዝራ ናት። ዳሚትም አርጅታ፣ ሆዷ ተንዘርጥጦ፣ ዝንብ እንኳ ስትነካት ለማባረር የምታመነታ ሆና ነበር። እናቴን «ሸክም የፈረስ ነው፣ ልጄ። አንቺ ሆድሽን ያዢ» አሏት፤ ከዚያ ቀርቀሃ ሰንጥቀው ኮርቻው ላይ መደገፊያ ሠሩልኝ። ግራና ቀኝ ገለባ የሞሉ ስልቻዎች አሰሩ፤ እንዳልንሸራተት ነው። መጀመሪያ የወሰዱኝ ሐይቁን ሊያሳዩኝ ነበር። ከፈረስ ላይ ሆኜ ሳየው የገረመኝ ውሃው አልነበረም፤ የሰው ሁሉ አናት ከታች መሆኑ ነው። እስከዚያ ቀን ድረስ የማውቀው የሰው ጉልበት ነበር።

በገበያ ቀን ደግሞ እንጅባራ ይዘውኝ ወረዱ። ድንች ሸጠው ሲመለሱ በትምህርት ቤቱ አጠገብ አለፍን፤ ልጆች በአንድ ድምፅ ፊደል ሲጮሁ ሰማሁ። አባባን አቁሙኝ አልኳቸው። ቆሙ። ብዙ ቆየን መሰለኝ፣ አስተማሪው ወጥተው ምን እንደምንፈልግ ጠየቁ። መምህር ይልማ ይባላሉ፤ ከደብረ ማርቆስ የመጡ ናቸው። በዚያች ትንሽ ትምህርት ቤት ዳይሬክተሩም የአንደኛ ክፍል አስተማሪውም እሳቸው ነበሩ። ቀጭን፣ ረጅም፣ ሲቆሙ እጃቸውን ወገባቸው ላይ የሚያደርጉ ሰው። አባባ ልጅቷ እግር የላትም፣ አፍ ግን አላት አሉ። መምህሩ ወደ እኔ ቀና ብለው አዩኝ፤ ከሩቅ የመጡ ሰው ሆነው ወደ ላይ ቀና ብለው ስላዩኝ ወደድኳቸው።

«ትማር» አሉ። «ግን አንድ ነገር ልንገርዎ፣ አባቴ። እኔ ወገቤን የሚያመኝ ሰው ነኝ። ከፈረስ የሚያወርዳት ይዛ ከመጣች ቦታዋ ይጠብቃታል። የሚያወርዳት ያጣች ቀን ግን ቤቷ ትቆይ።»

አባባ እጃቸውን ወደ ሰማይ አንስተው ውል ገቡ። አባባ ውል ሲገቡ ደስ ይላቸው ነበር፤ በኋላ የሚከራከሩበት ነገር ይገኛልና።

ትምህርት የጀመርኩት ከመስቀል በኋላ ነው። በዚያን ጠዋት እናቴ ጸጉሬን ቀባችኝ፣ ያጠበችውን ነጭ ቀሚስ አለበሰችኝ፣ የራሷን የብር አልቦ ከቁርጭምጭሚቴ ላይ አሰረችልኝ። ብርድም የሰው ዓይንም እንዳያገኘኝ ብላ በአዲስ ነጠላ ከራሴ እስከ እግሬ ሸፈነችኝ። ዓይኖቼ ብቻ ቀሩ። አባባ የዳሚትን ልጓም ይዘው በእግራቸው ከፊት ሄዱ።

ምንጩ ጋ ስንደርስ ውሃ የቀዱ ሴቶች አዩን። እንስራቸውን አስቀምጠው እልል አሉ። ትንሽ ወረድ ብለን አንድ በሬ የሚነዳ ሰው በሬውን ከመንገድ አስወጥቶ ኮፍያውን አወለቀ። አንዲት አሮጊት ከአጥራቸው ሥር ሆነው «ውለጂ፣ ክበጂ፣ እንደ ዛፍ ስፊ» አሉኝ። አባባ ዞር ሳይሉ «አሜን፣ አሜን» እያሉ ይሄዳሉ። በአገራችን ነጭ ለብሳ፣ ተሸፋፍና፣ ወንድ እየመራት በፈረስ የምትሄድ ትንሽ ልጅ ሙሽራ እንጂ ሌላ ልትሆን አትችልም። እኔ ይህን ከየት አውቄ? ተማሪ የሚሸኘው እንዲህ ነው ብዬ ተቀበልኩት። ትምህርት ቤት ስደርስ ሌሎቹ ልጆች ያለ አንዳች እልልታ፣ በባዶ እግራቸው ጭቃ እየረገጡ ሲመጡ አይቼ ከልቤ አዘንኩላቸው።

ማታ አባባ መንገዱን ለእናቴ ሲያወሩላት እንዲህ ስትስቅ አይቻት አላውቅም። ሆዷን ይዛ ሳቀች። «ልጄን ሞሸሯት!» አለች፤ ደግማ ደጋግማ አለችው። ለእኔ እልል የሚል ሰው ይገኛል ብላ አንድም ቀን አስባ እንደማታውቅ አሁን ይገባኛል። ያኔ የገባኝ ሳቋ ብቻ ነበር፤ እኔም አብሬ ሳቅሁ።

ችግር የመጣው ከቤተ ክርስቲያኑ አጥር ሥር ነው። መንገዳችን በዚያ ያልፋል፤ አንድ ትልቅ ሾላ አለ፤ ሽማግሌዎቹ ጠዋት ከኪዳን ሲወጡ እዚያ ፀሐይ እየሞቁ የሰው ነገር ያያሉ። ፈረሰኛ ሁሉ እዚያ ሲደርስ ይወርዳል። ፈረሱን እየሳበ፣ እጅ እየነሳ ያልፍና ከሾላው ወዲያ ተመልሶ ይወጣል። የማይወርድ አንድ ፍጡር ብቻ አለ፤ ሙሽራ። ሙሽራ እግሯ መሬት አይነካም። በመጀመሪያው ቀን ሽማግሌዎቹም እንደ ሌላው ሰው ተሳስተው፣ ተነስተው መረቁኝ። በማግሥቱ ሙሽራዋ እንደገና መጣች። ግራ ገባቸው፤ ግን መረቁኝ። በሦስተኛው ቀን አያ ዋሴ የሚባሉት ትልቁ ሽማግሌ ምርቃቱን አቁመው «ይች ሙሽራ የማን ቤት ነው የማትደርሰው?» አሉ።

አያ ዋሴ የሚፈሩ ሰው ነበሩ። ከሾላው ሥር ሌላ ማንም የማይቀመጥባት አንዲት አናቷ ጠፍጣፋ ድንጋይ አለቻቸው፤ የበግ አጎዛ ያነጥፉባትና ቀጥ ብለው ይቀመጣሉ። አባባን ለቅዳሜ ጠሯቸው። አባባ ፊታቸው በራ፤ ክርክር ተገኘ። እኔንም በዳሚት ላይ አስቀምጠው ይዘውኝ ሄዱ።

«ፈንታ፣» አሉ አያ ዋሴ፣ «አንድ ሙሽራ ስንት ጊዜ ትመረቃለች?»

«እንደ መራቂው ነው» አሉ አባባ።

አያ ዋሴ አልሳቁም። ፈረሰኛ እዚህ እንደሚወርድ አባባም ራሳቸው ሲወርዱ እንደኖሩ፣ ይች ልጅ ግን ከታቦቱም ከሽማግሌውም በላይ ሆና እንደምታልፍ፣ ዛሬ ለእሷ ዝም ቢባል ነገ ጎረምሳ ሁሉ በጋለበ ፈረስ አቧራ እያለበሳቸው እንደሚያልፍ ተናገሩ። ሌላው መንገድ በረግረጉ በኩል ነው፤ በዚያ ደግሞ ፈረስ እስከ ሆዱ ይሰምጣል። እዚህ ከተከለከልኩ ትምህርቴ አበቃ ማለት ነው። አባባ ብዙ ይናገራሉ ብዬ ስጠብቅ ወደ እኔ መጥተው ነጠላውን ከእግሮቼ ላይ ገለጥ አደረጉት። አልቦዬን ሊያሳዩልኝ መስሎኝ ደስ አለኝ፤ እንዲታይ ብዬ እግሬን በእጄ ወደ ፊት ሳብኩት።

ከሽማግሌዎቹ አንዱ አማተቡ። አያ ዋሴ መሬት መሬት እያዩ ቆይተው ፈረዱ።

«ፈረሱን የሚመራት በእግሩ ከሆነ ለእሷ ወርዶላታል። የሚወርድላት እስካለ ትለፍ።»

«ባይኖርስ?» አሉ አባባ።

«ባይኖርማ ሥርዓት ሥርዓት ነው።»

እንዲህ ሆኖ ትምህርቴን ቀጠልኩ። ጥቅምት ሲገባ ሰማዩ ጠራ፤ ጠዋት ጠዋት የዳሚት ትንፋሽ እንደ ጭስ ይወጣ ነበር። መምህር ይልማ የመስኮቱን ጥግ ሰጡኝ፤ መደገፊያ ያለው የቀርቀሃ ወንበር አሠርተው አኖሩልኝ። አባባ እስክወጣ ድረስ ወደ ቤት አይመለሱም ነበር፤ ዳሚትን አስረው ከመስኮቱ ሥር ይቀመጣሉ። ተቀምጠውም ዝም አይሉም። አንድ ቀን መምህሩ አምስት በጎች ያሉት ገበሬ ሁለቱን ቢሸጥ ስንት ይቀሩታል ብለው ጠየቁ። ገና ጣታችንን ስናወጣ የአባባ ድምፅ ከመስኮቱ ሥር መጣ። በዚህ ወር በግ የሚሸጥ ገበሬ ምን ዓይነት ገበሬ ነው፣ ለገና ቢያቆያቸው አይሻለውም ወይ፣ ብለው ጠየቁ። መምህሩ ቁጥር ነው እንጂ በግ የለም አሏቸው። አባባ በግ ከሌለ ምኑ ይቆጠራል ብለው መለሱ። በዚያን ቀን መቀነስ ሳንማር ቀረን።

ዳሚት አማርኛ አትሰማም ነበር። እኔም ትምህርት ስጀምር ብዙ አልሰማም ነበር፤ በቤታችን የሚነገረው አገውኛ ነው። መምህር ይልማ ባዝራዋ በሩን ዘግታ በቆመች ቁጥር «ዘወር በይ እንጂ» እያሉ ይለምኗታል፤ እሷ ጆሮዋን እንኳ አታነቃንቅም። ከውስጥ ሆኜ በአገውኛ አንዲት ቃል ስላት ትሄዳለች። ይህ ትልቅ ሥልጣን ሰጠኝ። ዘውዴ የምትባል የከተማ ልጅ አጠገቤ ትቀመጥ ነበር፤ ቤተሰቦቿ ከወደ ቡሬ የመጡ አማርኛ ብቻ የሚናገሩ ናቸው። በእረፍት ሰዓት አዝላ ወደ ሜዳው ታወጣኛለች፤ እኔ ደግሞ አባባን አስፈቅጄ ዳሚት ላይ አስወጣታለሁና «ሂጂ»ን እና «ቁሚ»ን በአገውኛ አስተምራታለሁ። ብዙ ሳይቆይ ግማሹ ክፍል ሊያዝለኝ ተራ ይጠብቅ ጀመር። ሁሉም በዳሚት ቋንቋ መናገር ፈለገ። ሰው የሚያዝለኝ አዝኖልኝ ይሁን ፈረስ ፈልጎ ይሁን ግድ አልነበረኝም፤ ዛሬም ቢሆን ፈረስ የፈለገው ይሻለኛል።

ኅዳር ላይ አባባ ወደቁ። ሌሊት ውርጭ ጥሎ ነበር፤ ጠዋት ዳሚትን ሊያመጡ ሲወጡ ቁልቁለቱ አንሸራተታቸው። ጉልበታቸው ዱባ አከለ። ወጌሻው መጥቶ አሽቶ አሰረላቸውና እስከ ጥምቀት ከአልጋ እንዳይነሱ አዘዘ። አባቴ አጨዳ ላይ ነበር፤ ገብሱ እየረገፈ ነው። ወንድሜ ከከብቶቹ ጋር ነው። እናቴ ወልዳ አራስ ቤት ናት። የሚያወርደኝ ሰው የለም፤ የሚወርድልኝም ሰው የለም። መምህሩ ያሉትንም አያ ዋሴ የፈረዱትንም በቃሌ አውቃቸው ነበር። እናቴ ከአልጋዋ ሆና ለከርሞ ትማሪያለሽ አለችኝ። ከርሞ ማለት ለልጅ መቼም አይሆንም ማለት ነው። ከአንጀት ካለቀሱ እንባ አይገድም ይባላል፤ እኔም ከአንጀቴ አለቀስኩ። የምለው ሌላ ነገር ስላልነበረኝ ዘውዴ ዳሚትን ትረሳታለች እያልኩ ነበር የማለቅሰው።

ለቅሶዬን አባባ በአጥሩ በኩል ሰሙት። አባቴን ጠርተው አልጋቸውን ወደ ግቢያችን አስወጡት፤ ፀሐይ ላይ ጋደም ብለው፣ የታሰረውን እግራቸውን ዘርግተው፣ ዳሚትን ፊት ለፊታቸው አስቆሟት።

«ፈረስ ያደርሳል እንጂ አይዋጋም» አሉኝ። «ዳሚት ታደርስሻለች። መውረዱ ግን ያንቺ ውጊያ ነው።»

ከቀርቀሃ ሁለት ምርኩዝ ቆረጡልኝ፤ ብብቴን እንዳይቆርጠኝ ጫፋቸውን በበግ ቆዳ ጠቀለሉት። ቀርቀሃ ቀላል ነው፤ ደግሞ ሲወድቅ ባዶ ድምፅ አለው። የእኔ ትምህርት በዚያ ድምፅ የተሞላ ነበር። አባቴ ወይ ወንድሜ ፈረሷ ላይ ያስቀምጡኛል፤ በሆዴ ኮርቻው ላይ እተኛለሁ፣ በዳሚት ጎን ቀስ ብዬ እንሸራተታለሁ፣ ቀኝ እግሬ መሬት ሲነካ ምርኩዞቹን ከኮርቻው ላይ እስባለሁ። እንዲህ ሲነገር ቀላል ነው። ምርኩዞቹ ወደዚህ፣ እኔ ወደዚያ፣ አብዛኛውን ጊዜም ፋንድያው ላይ። ዳሚት አንገቷን አዙራ ታየኛለች፤ አንድም ጊዜ አልተነቃነቀችም። አባባ ከአልጋቸው ሆነው ጎበዝ የሚባል ጉግስ ተጫዋች ሁሉ በመውደቅ እንደጀመረ፣ እሳቸውም ጥርሳቸውን ያጡት እንዲያ እንደሆነ ይነግሩኛል። እናቴ ከውስጥ «ልጄን ገደላችኋት!» ትላለች።

መውረዱን ስችል መውጣቱ ቀረ። እናቴ እስከዚያ ድረስ አንድም ቀን ደጅ ወጥታ አላየችኝም፤ ማየት አልቻለችም። አንድ ጠዋት ግን ሕፃኑን አቅፋ ወጣች፤ በሌላው እጇ ሙቀጫዋን እየጎተተች ነው። ከዳሚት አጠገብ ገልብጣ አስቀመጠችው። በሙቀጫው ላይ ተቀምጬ፣ ከዚያ በቀኝ እግሬ ቆሜ፣ በሆዴ ኮርቻው ላይ ወደቅሁ፤ ግራ እግሬን በእጄ አነሳሁት። ላይ ነበርኩ። እናቴ እልል አለች። አራስ ድምፅዋን ከፍ አታደርግም የሚሉ ጎረቤቶች ነበሩን፤ ሁሉም ሰሙ።

ብቻዬን የሄድኩ ቀን አባቴ ከማሳው ሆኖ ማጭዱን ይዞ፣ ከዓይኑ እስክጠፋ ቆሞ አየኝ። ነጠላውን እምቢ አልኩ፤ ምርኩዞቼ እንዲታዩ ፈልጌ ነበር። ዳሚት መንገዱን ታውቀዋለች። ምንጩ ጋ ያሉት ሴቶች ሙሽራ አለመሆኔን ከሰሙ ቆይተዋል፤ ግን ለምደውት ነው መሰለኝ እልል አሉ።

ሾላው ጋ ስደርስ ሽማግሌዎቹ ነበሩ። አያ ዋሴ ድንጋያቸው ላይ ናቸው። ወደ ኋላዬ አዩ፤ የሚመራኝ ሰው የለም። ከቤተ ክርስቲያኑ አጥር የተረፈ ዝቅ ያለ ካብ ከመንገዱ ዳር አለ፤ ዳሚትን ወደ እሱ አስጠጋኋት። በሆዴ ተኛሁ። ሣሩ በጤዛ ርሶ ስለነበር አንዱ ምርኩዝ አንሸራተተኝና በካቡ ላይ ተንጠለጠልኩ። ከሽማግሌዎቹ አንዱ «ተይው ልጄ፣ እለፊ» አሉ። አያ ዋሴ እጃቸውን አነሱ።

«ተዋት፤ እየወረደች ነው» አሉ።

ወረድኩ። ልጓሙን ክንዴ ላይ ጠምጥሜ፣ እንዳስተማሩኝ እጅ ነስቼ መሄድ ጀመርኩ። ያች ሌላ ሰው በአንድ ትንፋሽ የሚያልፋት ቦታ ለእኔ አገር ነበረች። ቀርቀሃው ቋ ይላል፣ ቀኝ እግሬ ይከተላል፣ ዳሚት ከኋላዬ ትተነፍሳለች። መሬት መሬት ስለማይ ሽማግሌዎቹ ምን እንደሚያደርጉ አላየሁም። እግሮቻቸውን ብቻ ነው ያየሁት፤ ተጣጥፈው የነበሩት ሁሉ አንድ በአንድ ቆሙ። ሽማግሌ ለሕፃን አይቆምም። የሚቆመው ለሙሽራ ነው፤ እኔ ደግሞ ሙሽራ እንዳልሆንኩ ያውቁ ነበር።

ከሾላው ወዲያ ደረስኩና ቆምኩ። ያኔ ነው የገባኝ። ቤታችን ሙቀጫ አለ፤ ትምህርት ቤቱ የበረንዳ ደረጃ አለው፤ እዚህ ማዶ ግን ለጥ ያለ ሣር ብቻ ነው። እኔና አባባ ሾላው ጋ መውረዱን ስናስብ እዚህ ማዶ ተመልሶ መውጣቱን ረስተነው ኖሯል። ካቡ ከኋላዬ ነው፤ ወደዚያ ተመልሼ ከወጣሁ እንደገና በላያቸው ማለፍ ሊሆን ነው። ዳሚት ቆመች፣ እኔም ቆምኩ። አልቅሼ ሰው ልጠራ አልፈለግሁም።

አያ ዋሴ እኔን አዩ፣ ኮርቻውን አዩ፣ ሣሩን አዩ። አጎዛቸውን ከድንጋያቸው ላይ አንስተው አጠገባቸው ለነበሩት ሽማግሌ አስያዙት። ከዚያ ጎንበስ አሉና ያችን ማንም የማይቀመጥባትን ድንጋይ እያንከባለሉ መንገዱን ተሻገሩ። ሊያግዟቸው የተነሱትን በዓይናቸው መለሷቸው። ከዳሚት ጎን አስተካክለው አስቀመጧትና አፈሩን ከእጃቸው አራገፉ።

«በይ ውጪ» አሉኝ። ስወጣ አልነኩኝም፤ ዝም ብለው ቆመው ጠበቁኝ። ኮርቻው ላይ ከተስተካከልኩ በኋላ የዳሚትን ጎን መታ አደረጉ። «በይ ሙሽራ፣ ዛሬ እንኳ ድረሽ።»

ትምህርት ቤት ስደርስ ልጆቹ ገብተዋል። መምህር ይልማ እጃቸውን ወገባቸው ላይ አድርገው በረንዳው ላይ ወጡ፤ እሳቸውም ወደ ኋላዬ አዩ። ዳሚትን በአገውኛ አስጠግቼ፣ በሆዴ ተንሸራትቼ፣ ደረጃው ላይ በምርኩዞቼ ቆምኩ። መምህሩ ፀሐይዋን ቀና ብለው አዩ።

«ዘግይተሻል» አሉ። «ነገ በጊዜ እንድትመጪ።»

በሕይወቴ እንደዚያ ያስደሰተኝ ቁጣ የለም። ነገ ነው ያሉት። ወደ ወንበሬ ስሄድ ዘውዴ ምርኩዞቹን ልያዛቸው ብላ ለመነችኝ፤ እስከ እረፍት ከለከልኳት።

በማግሥቱ ቀደም ብዬ ተነሳሁ። ሾላው ጋ ስደርስ ድንጋይዋ እዚያው መንገዱ ማዶ፣ እንደተቀመጠች ናት። አያ ዋሴ አጎዛቸውን ሣሩ ላይ አንጥፈው፣ ከሌሎቹ ሁሉ ዝቅ ብለው ተቀምጠዋል። እንደዚያ ዝቅ ብለው ሳያቸው አፈርኩ። ካቡ ላይ ወረድኩ፣ እየተራመድኩ አጠገባቸው ስደርስም ቆምኩ።

«አባቴ፣ መቀመጫዎን ወሰድኩብዎ» አልኳቸው።

«ምን ወሰድሽብኝ? እኔ ከመሬት መነሳት አያቅተኝም። ይልቅ አንቺ እንዳትዘገዪ» አሉ።

ላሳይሽ ብለውም ተነሱ። ሁለት ሽማግሌዎች ግራና ቀኝ ብብታቸውን ይዘው ነበር ያነሷቸው።